አንኮበር በጀርመንኛ

የምሠራው ዓሣ የሚያሽግ ድርጅት ቀዝቃዛ መጋዘን ውስጥ ነው። ቅዝቃዜው ከዜሮ በታች 24 ዲግሪ ነው። በየሰዓት ተኩሉ ወጥተን እንሞቃለን፤ ሻዬን በሁለት እጄ አቅፌ ጣቶቼ እስኪመለሱልኝ እጠብቃለሁ። አንድ ቀን አብሮኝ የሚሠራው ሶርያዊ "እናንተ አገር በረዶ አለ እንዴ?" አለኝ። "ነበረ" አልኩት። "መቼ?" "የዛሬ 300 ሚሊዮን ዓመት ገደማ።" ቀልድ መስሎት ሳቀ። ቀልድ አልነበረም፣ እመለስበታለሁ።

ብሬመርሃቨን ከገባሁ ዘጠኝ ዓመት አለፈኝ። ከተማዋ ትንሽ ናት፣ ነፋሷ ግን ለትልቅ ከተማ የሚበቃ ነው። በብስክሌት ወደ ሥራ ስሄድ የአልፍሬድ ቬገነር ተቋምን አልፌ ነው። የጀርመን የዋልታና የባሕር ምርምር ዋና መሥሪያ ቤት ነው፤ ፖላርሽቴርን የምትባለው በረዶ ሰባሪ መርከባቸው መነሻዋም መመለሻዋም ይችው ከተማ ናት። ሆዷ ሰማያዊ፣ ላይዋ ነጭ። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2020፣ በሰሜን ዋልታ ባሕር ከበረዶው ጋር ተጣብቃ እየተንሳፈፈች አንድ ዓመት ቆይታ ስትመለስ፣ እኔም ግድቡ ላይ ቆሜ አይቻታለሁ። ከሌሊት ተረኛነት ወጥቼ፣ ዓሣ ዓሣ እየሸተትኩ።

ይህን የምለው በከንቱ አይደለም። አዲስ አበባ ጂኦሎጂ ነው የተማርኩት። ዲግሪዬ እናቴ ሳሎን ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፣ ከአቡነ ተክለ ሃይማኖት ሥዕል ጎን። ስለዚህ በዚያ ሕንጻ በኩል ባለፍኩ ቁጥር ሆዴን አንድ ነገር ይቆነጥጠኛል፤ ብስክሌቱ ግን አይቆምም።

ባለፈው መከር እሑድ ቀን የአሮጌ ዕቃ ገበያ ወጣሁ። የምፈልገው የኤሌክትሪክ ምጣድ ነበር። ከአንዲት አሮጊት ዕቃዎች መካከል፣ ከሸክላ ሲኒዎች ሥር፣ አንድ ካርቶን መጽሐፍ ተቀምጧል። ከላይ የነበረው ቬገነር፣ አህጉራት ድሮ አንድ ነበሩ ኋላ ተራራቁ ያለው ጀርመናዊ ተመራማሪ፣ ስለ አህጉራትና ውቅያኖሶች አመጣጥ የጻፈው ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1915 መጀመሪያ የታተመው፣ ከዚያም እያሻሻለ ደጋግሞ ያሳተመው። ክፍል ውስጥ ስሙን ስንሰማ፣ ለፈተና ስንሸመድደው የኖርነው መጽሐፍ፤ አንድም ቀን ግን በእጄ ይዤው አላውቅም። አራት ዩሮ። ምጣዱን ረሳሁት።

ጀርመንኛዬ የመጋዘን ጀርመንኛ ነው፤ "ተጠንቀቅ"፣ "አንሳ"፣ "ይሄ ፓሌት የማን ነው" ለማለት አያንስም፣ ለሳይንስ ግን አይበቃም። ማታ ማታ መዝገበ ቃላት ይዤ በቀን አንድ ገጽ ያህል እገፋ ነበር። አንድ ምሽት ዓረፍተ ነገሩን ሳልጨርስ ዓይኔ ወደ ታች ሮጠ። አንኮበር ይላል። አንኮበር፣ በርበራ፣ ምጽዋ።

የተወለድኩት አንኮበር ነው።

አገሩን ለማያውቅ እንዲህ ነው። አንኮበር የደጋው የመጨረሻ ጠርዝ ነው። ከአያቴ ቤት ጓሮ ቆመህ ወደ ምሥራቅ ካየህ መሬቱ ያልቅብሃል። ጠዋት ጠዋት ቆላው በጉም ይሞላና ሜዳ ይመስላል፣ ረፋድ ላይ ጉሙ ሲነሳ ታች፣ እጅግ ታች፣ የአፋር አገር ይገለጣል። አያቴ ገብስና ባቄላ ጭና ወደ አልዩ አምባ ገበያ ትወርድ ነበር። አርጎባውም አፋሩም ደገኛውም የሚገናኝበት ገበያ ነው። ስትወርድ ጉልበቷን፣ ስትወጣ ልቧን ይዛ ነው የምትመጣው፤ ጨውና በርበሬ አራግፋ እግሯን ለብ ባለ ውሃ ስትነክር "ያ እኮ የወደቀ አገር ነው" ትል ነበር። እኔ የምታማው ይመስለኝ ነበር። ሁለተኛ ዓመት ላይ መምህራችን ሰሌዳው ላይ ስምጥ ሸለቆን ሲስል፣ ሁለቱ ዳር ቆመው መካከሉ ሲሰምጥ፣ አያቴ ትክክል እንደነበረች ገባኝ። ወድቋል። ቃል በቃል።

ቬገነር አንኮበርን አላያትም፤ ከካርታ ነው ያወቃት። ስሟ ካርታ ላይ መገኘቱ አይገርምም። እ.ኤ.አ. በ1841 የእንግሊዝ መልእክተኞች ከታጁራ ተነስተው በአፋር በረሃ በኩል ወደ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ሲመጡ የወጡት ወደዚያው ወደኛው ጠርዝ ነው።

የቬገነር ነገር እንዲህ ነው። ቀይ ባሕርን ብትዘጋው፣ ዓረቢያን ወደ አፍሪካ ብትመልሳት፣ ዳርና ዳሩ ይገጥማል። እንጀራ ቀደህ መልሰህ እንደምትገጥመው ነው። አንድ ቦታ ላይ ግን እምቢ ይላል፤ የየመን በኩል ያለው ማዕዘን አፋር ላይ ይደረባል። መሬት ተርፏል። የተቀደደውን እንጀራ ስትገጥም መካከሉ ላይ ትርፍ ነገር ካገኘህ፣ እሱ እንጀራ አይደለም፤ ከተቀደደ በኋላ የፈሰሰ ወጥ ነው። ቬገነርም ያለው ይህንኑ ነው፤ በእነዚያ ሦስት ከተሞች መካከል ያለው ዝቅተኛ ሦስት ማዕዘን ወጣት ላቫ ነው፣ ስንጥቁ ሰፍቶ ከሥር የወጣ። ወንበሬ ላይ ተደግፌ ቀረሁ። አያቴ "የወደቀ" ያለችውን እሱ "የፈሰሰ" ብሎታል። ሁለቱም እውነት ነው። ደጋው ላይ የምድር ቅርፊት 40 ኪሎ ሜትር ያህል ይወፍራል፤ ዳናክል ስትደርስ 15 ገደማ ነው የቀረው። እየተሳበ የሳሳ፣ በሳሳበት እሳት የሚያስገባ፣ ዳሎል ላይ ከባሕር ወለል በታች ወርዶ ቀይ ባሕርን አስገብቶ ያደረቀ፣ አሞሌውንም ለአያቴ ገበያ የላከ።

ይህን ሐሳብ ቬገነር መጀመሪያ በአደባባይ የተናገረው ፍራንክፈርት ላይ እ.ኤ.አ. ጥር 6 ቀን 1912 ነው። ቆጠርኩት፣ በእኛ የገና ዋዜማ ነበር። አንኮበር ሚካኤል ካህናቱ ለማሕሌት ሲዘጋጁ ማለት ነው። ጂኦሎጂስት አልነበረም፣ የአየር ጠባይ ተመራማሪ ነው፤ ጂኦሎጂስቶቹ ይህንንም ይቅር አላሉትም። አህጉርን የሚገፋ ብሎ ያቀረበው ጉልበት ደካማ ነው ብለው አሾፉበት። በዚያ ላይ እንኳ አልተሳሳቱም፤ የሚገፋውን ነገር እሱ አላገኘውም።

ሌላም ስህተት ሠርቷል፣ እኔ ግን የምወደው ስህተት ነው። ግሪንላንድ ከአውሮፓ ስትሸሽ በቁጥር ይዣታለሁ አለ። እ.ኤ.አ. በ1823፣ በ1870 እና በ1907 የተለኩ ኬንትሮሶችን አነጻጽሮ በዓመት ብዙ ሜትር ትሄዳለች የሚል ላይ ደረሰ። እውነተኛው ፍጥነት በዓመት 2 ሴንቲ ሜትር ገደማ ነው። የድሮው ልኬት ስህተት ከሚለካው ነገር ይበልጥ ነበር። በዓመት ብዙ ሜትር! እኛም ክፍል ውስጥ ስቀንበታል።

ከዚያ 1998 ዓ.ም. መጣ።

መስከረም 4 ቀን አፋር መንቀጥቀጥ ጀመረ። ዳባሁ በሚባለው እሳተ ገሞራ አካባቢ፣ ቀንም ሌሊትም፣ አላባራ አለ። መስከረም 16 ቀን፣ እኛ ደመራ ስናበራ፣ ዳዑሬ ላይ መሬቱ ተቀዶ አመድ ተፋ። ሰማዩ ጨለመ፣ አርብቶ አደሩ ከብቱን እየነዳ ሸሸ። በኋላ በሳተላይት ራዳር ሲታይ፣ 60 ኪሎ ሜትር ርዝመት ባለው መስመር ላይ ማግማ፣ የቀለጠ ዓለት፣ እንደ ቢላ ከሥር ገብቶ መሬቱን ገፍቶ ከፍቶታል። በአንዳንድ ቦታ እስከ 8 ሜትር። በሁለት ሦስት ሳምንት ውስጥ።

ስምንት ሜትር! የተሳቀበት ሰውዬ ቁጥር ቁጭ ብሎ አፋር ላይ ተገኘ። በእርግጥ ነገሩ ሌላ ነው፤ የምድር ቅርፊት የተከፈለባቸው ሳህኖች እዚያ በዓመት ወደ 2 ሴንቲ ሜትር ይራራቃሉ፣ ቅርፊቱ ግን ጥርሱን ነክሶ ይይዛል፣ ይይዛል፣ የ400 ዓመት ውዝፍ ይጠራቀምና በአንድ መስከረም ይከፈላል። የቬገነር ቁጥር ያው ስህተት ነው። ግን ያንን ቀን ቢያይ ብዬ እመኛለሁ።

እኔ ያየሁት ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ለመስክ ቡድን ዕቃ ተሸካሚና ረዳት ሆኜ ከሰመራ ወጣን። መኪና የሚሄደው እስከ አንድ ቦታ ነው፣ ከዚያ ወዲያ በግመልና በእግር። የሚመራን የአፋር ሰው ዕድሜው ከአባቴ ጋር የሚሆን፣ ጥቂት አማርኛ የሚያውቅ ነበር። አንድ ቦታ ላይ ቆመና በዱላው አሳየን። ፍየሎች ዘመናቸውን ሙሉ የሄዱበት የእግር መንገድ ነው፤ ነጭ ሆኖ ተልጓል። መንገዱ ይሄዳል፣ ይሄዳል፣ ከዚያ ይቆረጣል። ቀሪው ከእኔ ቁመት በላይ ከፍ ብሎ ግድግዳው ላይ ይቀጥላል። ግድግዳው ገና አዲስ ነው፣ ድንጋዩ ፀሐይ አላጠቆረውም፣ የሥር ጭራሮ ተንጠልጥሎበታል። "ይሄ አልነበረም" አለን። እጁን መንገዱ ላይ አሳረፈ፣ ከዚያ ወደ ላይኛው ጫፍ ጠቆመ። "ይሄ ከዚያ ጋር አንድ ነበር።" የፕሌት ቴክቶኒክ ትምህርት ከዚያ የተሻለ ሰምቼ አላውቅም። ዳዑሬ ጉድጓድ አፍ ላይ ስንደርስ እንፋሎቱ ገና ይወጣል፣ ሽታው የተላጠ እንቁላል፤ እግሬ ሥር ያለው ፓሚስ፣ አረፋማው የእሳተ ገሞራ ድንጋይ፣ ቀላልነቱ ፈንዲሻ የረገጥኩ ያህል ነበር።

ስለ ዕቃ ተሸካሚ ከተነሳ አይቀር።

ቬገነር ግሪንላንድን የወደደው ለአህጉሩ ብቻ አልነበረም፤ ለአየሩና ለበረዶውም ነው። እ.ኤ.አ. በ1930 ለአራተኛ ጊዜ ሄደ። ከባሕር ዳር 400 ኪሎ ሜትር ወደ ውስጥ፣ 3,000 ሜትር ከፍታ ላይ፣ በበረዶው መካከል አይስሚተ የሚባል ጣቢያ ተከለ። ባልደረቦቹ ጌኦርጊና ዞርገ ክረምቱን እዚያ ይከርማሉ፣ በየቀኑ አየሩን ይለካሉ። የበረዶውን ውፍረት ደግሞ ጉዞው በፈንጂ ድምፅ ነው የለካው፤ ፈንድቶ ከሥር ዓለት ነጥሮ እስኪመለስ የፈጀውን ጊዜ ቆጥሮ። (ዛሬ አፋር ላይ የቅርፊቱን ውፍረት የምናውቅበት ዘዴ የዚሁ ዘመድ ነው።) ነዳጅና ምግብ ግን በቂ አልደረሰላቸውም። በፕሮፔለር የሚሄዱት የሞተር ስሌጆች በበረዶ ተያዙ። ስለዚህ ቬገነር በመስከረም መጨረሻ ራሱ በውሻ ስሌጅ ተነሳ፤ ከሎቨ ከሚባል ጀርመናዊና ከ13 ግሪንላንዳውያን ጋር። ብርዱ ሲጠና አብዛኞቹ ተመለሱ። የቀጠለው አንድ ግሪንላንዳዊ ነው፣ ራስሙስ ቪሉምሰን፣ የ23 ዓመት ልጅ።

ሦስቱ 40 ቀን ፈጅቶባቸው ጥቅምት 30 ደረሱ። ቅዝቃዜው ከዜሮ በታች 50 ዲግሪን አልፎ ነበር። የሎቨ የእግር ጣቶች ሞተዋል፤ ጌኦርጊ በኪስ ቢላና በቆርቆሮ መቀስ ያለ ማደንዘዣ ቆረጠለት። እኔ በ24 ዲግሪ ውስጥ ዘጠና ደቂቃ ቆይቼ ሻይ ስጠይቅ ያንን መቀስ አስታውሳለሁ። ለሦስት ሰው እንጂ ለአምስት የሚበቃ ምግብ የለም። ኅዳር 1፣ ቬገነር 50 ዓመት በሞላበት ቀን፣ እሱና ቪሉምሰን ወደ ባሕሩ ዳር ተመለሱ። በሕይወት የደረሰ የለም። በቀጣዩ ግንቦት ፈላጊዎች ግማሽ መንገድ ላይ በረዶው ውስጥ የተተከሉ ስኪዎች አገኙ። ቬገነር ከሥራቸው ነበር፤ በመኝታ ከረጢት ልባስ ተሰፍቶ፣ በሥርዓት ተቀብሮ። የቀበረው ቪሉምሰን ነው። ማስታወሻ ደብተሩን ይዞ ብቻውን መንገዱን ቀጠለ። አስከሬኑ እስከ ዛሬ አልተገኘም።

በየጠዋቱ የማልፍበት ሕንጻ ላይ የማን ስም እንዳለ ታውቃላችሁ። ልክ ነው፣ አልቃወምም። ግን በዚያ ብርድ የጌታውን መኝታ የሰፋው እጅ የማን ነበር? ድንጋይ ተሸክሜ አፋር ላይ የዞርኩ ሰው ስለሆንኩ ይሆናል፣ ስኪዎቹን ሳስብ የማየው ቪሉምሰንን ነው።

ድንጋይ ስል፣ በደቡብ ዋልታም ያለው ታሪክ ያው ነው። ቬገነር ፍራንክፈርት ላይ በተናገረ በወሩ፣ እ.ኤ.አ. የካቲት 8 ቀን 1912፣ ከደቡብ ዋልታ ተሸንፎ የሚመለሰው የእንግሊዛዊው አሳሽ የስኮት ቡድን በቢርድሞር የበረዶ ግግር ላይ ቆመ። እየሞቱ ነው፣ ምግብ እያለቀ ነው፣ ሐኪማቸው ዊልሰን ግን ከገደሉ ሥር ከሰልና የቅጠል ምስል ያለበት ድንጋይ ይለቅም ነበር። 16 ኪሎ ያህል ስሌጁ ላይ ጫኑ። እስከ መጨረሻው ጎተቱት፤ ድንኳናቸው በኅዳር ሲገኝ ድንጋዩ አብሮ ነበር። ቅጠሉ ግሎሶፕተሪስ ሆኖ ተገኘ፣ በሕንድ፣ በደቡብ አፍሪካ፣ በአውስትራሊያ፣ በደቡብ አሜሪካ የሚገኘው ያው ዛፍ። ሁሉም አንድ አገር በነበሩ ጊዜ የበቀለ። እብደት ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ ግን አልፈርድባቸውም። መስክ የወጣ ሰው ቦርሳው ሲከብደው ውሃውን ይቀንሳል እንጂ ናሙናውን አይጥልም፤ ይህ በሽታ ነው።

እኔም ይዞኛል። ሦስተኛ ዓመት ላይ ትግራይ ለመስክ ወርደን እዳጋ ዓርቢ አካባቢ አንድ ጥቁር ሸክላማ ዓለት ላይ ቆመን ነበር። ጭቃ መሆን የሚገባው ዓለት ውስጥ ጡብ የሚያካክሉ፣ ጡጫ የሚያካክሉ ባዕድ ድንጋዮች ተሰግስገዋል። አንዱን ነቀልኩት። አንድ ፊቱ ጠፍጣፋ፣ እንደ ተሞረደ፤ ላዩ ላይ ጎን ለጎን የሄዱ ጭረቶች፣ ድመት የቧጨረችው ይመስላል። የበረዶ ግግር ከሥሩ ይዞ ዓለት ላይ የጎተተው ድንጋይ ነው። 300 ሚሊዮን ዓመት ገደማ፣ አፍሪካ ከአንታርክቲካ ጋር አንድ ሆና በደቡብ በኩል በነበረች ጊዜ። ትግራይ በበረዶ ሥር! ሶርያዊው ባልደረባዬ ያላመነው ይህንን ነው። ቬገነርም ከዋና ማስረጃዎቹ አንዱ ያደረገው የዚያን ዘመን በረዶ ነው፤ ዛሬ ሙቀት ባለባቸው አገሮች የተበተነ አሻራው፣ አህጉሮቹን ስትሰበስባቸው አንድ ቦታ ይሰበሰባል። ድንጋዩ አሁን እናቴ ማድቤት አለ። ነጭ ሽንኩርት ትቀጠቅጥበታለች። ጠፍጣፋው ፊቱ ተመችቷታል።

አንድ ነገር ልጨምርና ላብቃ። አዲስ አበባ ያለው የጂኦፊዚክስ ኦብዘርቫቶሪ፣ የዳባሁን መንቀጥቀጥ ከተከታተሉት አንዱ፣ የተመሠረተው በዓለም አቀፉ የጂኦፊዚክስ ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ1957 ነው፤ ፒየር ጉዋን የሚባሉ ካናዳዊ ኢየሱሳዊ ቄስ ናቸው የመሠረቱት። ያ ዓመት ደግሞ መጀመሪያ የታሰበው ሦስተኛው የዋልታ ዓመት ተብሎ ነው። በደቡብ ዋልታ ነጥብ ላይ ጣቢያ የተከለውና አራት ኪሎ አቅራቢያ መሣሪያ የተከለው ያው አንድ ሐሳብ ነው። አባ ጉዋን በኋላ የኢትዮጵያን የመሬት መንቀጥቀጥ ታሪክ ከየገዳሙና ከየመንገደኛው ጽሑፍ ለቅመው አሳትመዋል፤ እ.ኤ.አ. በ1961 ማጀቴን ያፈረሰው የካራ ቆሬ መንቀጥቀጥም አለበት። ማጀቴ ከአንኮበር በስተሰሜን፣ እዚያው ጠርዝ ሥር ናት።

መጽሐፉ ላይ አንኮበርን ባገኘሁ ማግሥት ለአጎቴ ደወልኩ።

"ጋሼ፣ እንደምን አደሩ፣ አንኮበርን እኮ ጀርመንኛ መጽሐፍ ላይ አገኘኋት።"

"ማን ጻፋት?"

"በረዶ ውስጥ የሞተ ሰውዬ።"

"እግዜር ይማረው። መጥቶ ነበር?"

"አልመጣም።"

"ታዲያ ምን አባቱ ብሎ ጻፈ?" አለኝና ወደ ራሱ ጉዳይ ገባ። በ2017 ዓ.ም. በገና ሰሞን እሳተ ገሞራዎቹ ፈንታሌና ዶፈን ሲንቀጠቀጡ፣ አዲስ አበባ ድረስ ፎቅ ሲወዛወዝ፣ የአጎቴ የድንጋይ ቤት ጓዳው በኩል ተሰንጥቋል። ያም ማግማ ከሥር ሲገባ ነው፣ የዳባሁ ታናሽ ወንድም። ሰውየውን ያሳሰበው ግን ማግማው አይደለም፣ ስንጥቁ እየሰፋ ይሁን አይሁን ነው። "አንተ ተምረሃል፣ ንገረኝ" አለኝ። ከ5,000 ኪሎ ሜትር በላይ ርቄ ምን ልንገረው? ስንጥቁ ላይ ተሻጋሪ አድርገው ጄሶ ይለጥፉበት፣ በሚስማር ቀኑን ይጻፉበት፣ ስንጥቁ ከሰፋ ጄሶው ይሰበራል አልኩት። የሕንጻ ሰዎች የሚያደርጉት ነው።

ባለፈው ሳምንት ደወለልኝ።

"ጄሶህ ደህና ነው" አለኝ። "አልተነካም። ግድግዳው ግን ከጎኑ በሌላ በኩል ተሰነጠቀ።"